የእጅ ማሸጊያ በአውቶማቲክ መስመር ሲተካ ሠራተኛውን እንዴት እንመድብ?

የሰው_ሀብት_ክፍል፦

ጤና ይስጥልኝ። ፋብሪካው የታሸገ ውኃ ነው የሚያመርተው። ጠርሙስ መንፊያው፣ መሙያውና ክዳን መግጠሚያው አውቶማቲክ ናቸው። ከዚያ በኋላ ያለው ሥራ ግን እስካሁን በእጅ ነው፤ በአንድ ፈረቃ 14 ሰው ጠርሙሱን ስድስት ስድስት አድርጎ ይጠቀልላል፣ ፓሌት (የጭነት መደርደሪያ እንጨት) ላይ ይደረድራል። በሳምንት ስድስት ቀን፣ በቀን ሦስት ፈረቃ፣ በድምሩ 42 ሰው። አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው፣ የሚከፈላቸውም በጥቅል ብዛት ነው። አሁን ሽሪንክ ማሽን (ጠርሙሱን በፕላስቲክ ጠቅልሎ በሙቀት አጥብቆ የሚያሽግ) እና ፓሌታይዘር (ጥቅሉን ፓሌት ላይ የሚደረድር ማሽን) ታዝዟል፤ ከአራት ወር በኋላ ይገባል። አቅራቢው «በፈረቃ ሁለት ኦፕሬተር ይበቃችኋል» ብሏል። የድርጅቱ ጠቅላላ ሠራተኛ 210 ነው። ስንት ሰው፣ ከየት፣ በምን ዓይነት ክፍያ እንመድብ? ማሽኑ ላይ ቦታ የማያገኙትስ?

ፈረቃ_መሪ፦

ከቁጥሩ ልጀምር። አቅራቢው «ሁለት ሰው» ሲል ማሽኑ ፊት የሚቆሙትን ብቻ ቆጥሮ ነው። ፊልም (የመጠቅለያውን ፕላስቲክ) የሚያቀርብና የሚቀይር፣ ባዶ ፓሌት የሚያስገባ፣ የተበላሸ ጥቅል ፈትቶ ጠርሙሱን ወደ መስመሩ የሚመልስ ሰው ሒሳቡ ውስጥ የለም። ይህ ሥራ ተደምሮ አንድ ሙሉ ሰው ይወጣዋል፤ ስለዚህ በፈረቃ ሦስት የሥራ ቦታ ይያዙ።

አንድን ቦታ ለመሸፈን ደግሞ ሦስት ሰው አይበቃም። በሳምንት ስድስት ቀን በ24 ሰዓት ሲሠራ 144 ሰዓት ነው፤ ለሕጋዊው 48 ሰዓት ሲካፈል 3 ይሆናል። የዓመት ፈቃድ፣ ሕመምና ስልጠና ተደምረው ከሥራ ጊዜው 12 በመቶ ያህል ይወስዳሉ ብንል 3 ለ0.88 ሲካፈል 3.4 ይመጣል። ለሦስት ቦታ ከ10 በላይ ነው፤ 11 ሰው ይያዙ። ነገ ሰባቱንም ቀን እንሥራ ከተባለ 168 ለ48 ሲካፈል 3.5፣ ከፈቃዱ ጋር 4፣ በድምሩ 12 ሰው። አሥራ ሁለት ማሰልጠን ይሻላል። የፈቃዱን መቶኛ ግን ከራስዎ የሰዓት መቆጣጠሪያ መዝገብ ያውጡት።

«ስድስት ሰው ይበቃል» ብሎ የጀመረ ፋብሪካ ትርፍ ሰዓት ውስጥ ይገባል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ ትርፍ ሰዓትን በቀን 4፣ በሳምንት 12 ሰዓት ላይ ገድቦታል። ከዚያ በኋላ ያልሰለጠነ ሰው ማሽኑ ላይ ይቆማል፤ ብልሽቱም ከዚያ ይጀምራል።

መቆጣጠሪያ_ክፍል፦

የሰው ኃይሉ ጉዳይ ማሽኑ ከመጫኑ በፊት በግዥ ውሉ ነው የሚወሰነው። ትዕዛዙ ከተፈጸመም ጭነቱ እስካልተነሣ ድረስ በተጨማሪ ስምምነት ማስገባት ይቻላል። እነዚህን ይጠይቁ፦

የፒኤልሲው (ማሽኑን የሚያዝዘው ኮምፒዩተር) ፕሮግራም ከነማብራሪያው፣ የስክሪኑ ፕሮጀክት ፋይል፣ የይለፍ ቃሎቹ በሙሉ፣ የኢንቨርተሮቹና የሰርቮ ድራይቮቹ (የሞተር መቆጣጠሪያዎቹ) ፓራሜትር ማለትም ቅንብር ባክአፕ፣ የኤሌክትሪክ ንድፉ የመጨረሻ እርማት። እነዚህ ከሌሉ የሰለጠነ ቴክኒሽያን ቢኖርዎትም እጁ የታሰረ ነው፤ አንድ ሴንሰር ሲበላሽ እንኳ የትኛው መግቢያ ላይ እንዳለ ለማወቅ የመቆጣጠሪያ ሳጥኑን ከፍቶ ሽቦ ይከተላል።

ሌላው ኤፍኤቲ ነው፤ ማሽኑ ከመጫኑ በፊት በአምራቹ ፋብሪካ የሚደረገው ፍተሻ። ብዙ ቦታ ወደዚያ የሚሄዱት ሥራ አስኪያጁና የግዥ ኃላፊው ናቸው። መሄድ ያለባቸው አንድ የጥገና ቴክኒሽያንና ወደፊት ዋና ኦፕሬተር የሚሆነው ሰው ናቸው። ማሽኑ ተፈትቶ፣ ሽፋኑ ወልቆ የሚታየው እዚያ ብቻ ነው። የፋብሪካችሁን ጠርሙስና ፊልም አስቀድማችሁ ላኩ፤ በሌላ ጠርሙስ የተፈተነ ማሽን እዚህ መጥቶ እንደገና ይስተካከላል።

ያገለገለ ማሽን ከሆነ የመቆጣጠሪያውን ዓይነት ይመልከቱ። ሲመንስ ኤስ7-300 የተባለውን ፒኤልሲ ከጥቅምት 2023 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከመደበኛ ሽያጭ ማስወጣት ጀምሯል፤ መለዋወጫ የሚቀርበው እስከ 2033 እ.ኤ.አ. ነው። ዛሬ በዚያ ላይ የሚሰለጥን ልጅ ከጥቂት ዓመት በኋላ እንደገና መሰልጠን አለበት።

ማሽን_አሰልጣኝ፦

«ከየት?» ለሚለው መልሴ፦ ኦፕሬተሮቹን ከ42ቱ ውስጥ ይምረጡ። የጥገና ቴክኒሽያኖቹን ከቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ፣ በኤሌክትሮ መካኒካል ወይም በአውቶሜሽን ደረጃ 4 የብቃት ምዘና ካለፉት ይቅጠሩ።

የእጅ አሻጊዋ ደካማ ክዳን፣ ያበጠ ጠርሙስ፣ የላላ ፊልም በዳሰሳ ታውቃለች። ይህን ዕውቀት ማሽኑ አያመጣውም። ስክሪን መንካት በሳምንት ይለመዳል።

መምረጫው ግን በአለቃ ጥቆማ አይሁን። ሁሉም በፈቃዳቸው የሚቀርቡበት የአንድ ሰዓት የተግባር ፈተና ያዘጋጁ፦

አንደኛ፣ በወረቀት ላይ አሥር የብልሽት መልእክቶች ይሰጣሉ፤ ተፈታኙ የትኛው «ራስህ አስተካክል»፣ የትኛው «ጥገና ጥራ» እንደሆነ ይለያል። ሁለተኛ፣ የፊልም ጥቅል ገጠማ፤ አቅጣጫውንና መሃል መሆኑን አይቶ በሥዕል እየተመራ ይገጥማል። ሦስተኛ፣ የአንድ ብልሽት ቪዲዮ ይታይና በሁለት ዓረፍተ ነገር ሪፖርት ይጻፋል። «ማሽኑ ቆመ» ብሎ የጻፈ አላለፈም፤ «ሦስተኛው ሌይን ላይ ጠርሙስ ወድቆ መግፊያው ጋ ተያዘ» ያለ አልፏል። አራተኛ፣ ቀለም መለየት። ይህኛው ይረሳል፤ የማሽኑ መብራት ቀይ፣ ቢጫ፣ አረንጓዴ ነው፣ የሴንሰሮቹ ትንንሽ መብራቶችም በቀለም ነው የሚነበቡት። ቀለም የማይለይ ሰው ከመስመሩ አይወገድ፤ የመብራቶቹን ቦታ ቅደም ተከተል አስተምሮ ማቆየት ወይም ሌላ ቦታ ላይ መመደብ ይቻላል።

ኢንጂነር_ሰበታ፦

በዚህ አልስማማም። የማሽኑ ስክሪን በእንግሊዝኛ ነው፤ የምህንድስና ምሩቅ ሥራ ፈትቶ ባለበት ጊዜ ለምን ዲግሪ ያለው አይቀጠርም? ደመወዙም ያን ያህል አይበልጥም።

ማሽን_አሰልጣኝ፦

@ኢንጂነር_ሰበታ ወንድሜ፣ ምሩቁ ሥራውን የሚይዘው ሌላ እስኪያገኝ ነው፤ ያ ደግሞ መብቱ ነው። ለስምንት ሰዓት ፊልም መቀየርና ማጽዳት የተማረበትን አይጠቀምለትም። ይሰለቻል፣ ፓራሜትር መነካካት ይጀምራል፣ ይለቃል። ምሩቁን የሂደት መሐንዲስ አድርገው አንዱን በቀን ፈረቃ ይቅጠሩት፤ የማቆሚያ ምክንያቶችን ይተንትን፣ ባክአፕ ይያዝ። የእንግሊዝኛው ነገር ደግሞ መፍትሔ አለው።

መቆጣጠሪያ_ክፍል፦

አዎ፣ አለው። የስክሪኑ ጽሑፍ በፕሮጀክት ፋይሉ ውስጥ በሠንጠረዥ ነው ያለው፤ አውጥቶ፣ ተርጉሞ፣ መልሶ ማስገባት ነው። አንዳንድ ፓነል የግዕዝ ፊደል ካልተጫነለት ባዶ ሳጥን ብቻ ያሳያል። ይህ ከሆነ ዋና ዋናዎቹን 30 መልእክቶች እንደ ምስል ማስገባት፣ ወይም የብልሽት ቁጥሩንና የአማርኛ ትርጉሙን በላሚኔት ወረቀት አድርጎ ፓነሉ አጠገብ መስቀል ይበቃል። ትርጉሙ «የኮንቬየር ሁለት ሞተር ከመጠን በላይ ጭነት» ብቻ አይበል፤ ቀጥሎ ምን እንደሚደረግ ይጻፍበት፦ «ኮንቬየሩ ሥር የተጣበቀ ፊልም ይፈልጉ፤ ካልተገኘ ጥገና ይጥሩ»።

ሰዓቱም መታሰብ አለበት። ፓነሉ 14:20 ብሎ የመዘገበውን ኦፕሬተሯ «8:20» ብላ ትጽፋለች። ፓነሉ 02:20 ያለውንም እንዲሁ «8:20»። ቀንና ሌሊት ካልተለየ ሁለቱ ብልሽቶች በመዝገቡ አንድ ይሆናሉ፤ መሐንዲሱ የማሽኑን ታሪክ ከፈረቃው መዝገብ ጋር ሲያስተያይ አይገጥምለትም። ቀኑም እንደዚሁ፤ ማሽኑ ቀኑን የሚቀይረው በእኛ ከሌሊቱ 6 ሰዓት ነው፣ ስለዚህ የሌሊት ፈረቃው ሥራ ለሁለት ቀን ይከፈላል። የማሽኑን ሰዓት አይንኩት። መዝገቡ ላይ ሁለት ዓምድ ያውጡ፦ «በፓነሉ ሰዓት» እና «ፈረቃ ሀ፣ ለ፣ ሐ»። የሌሊት ፈረቃው የተጀመረበትን ቀን ይያዝ።

የሰው_ሀብት_ክፍል፦

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የክፍያው ጉዳይ ይቀረኛል። አሁን በጥቅል ብዛት ነው የምንከፍለው። ያንኑ ማሽኑ ላይ ብናስቀጥለውስ?

ደህንነት_ይቅደም፦

በፍጹም። ማሽን ላይ በቁጥር መክፈል ጋርድ (የማሽኑን መከላከያ በር) ያስከፍታል። ሽሪንክ ማሽኑ በር ሲከፈት የሚያቆም የደህንነት ማብሪያ አለው። ጠርሙስ በተያዘ ቁጥር ማቆም፣ መክፈት፣ ማውጣት፣ መዝጋት፣ ሪሴት ማድረግ ሁለት ደቂቃ ይፈጃል። ገንዘቡ በቁጥር ከሆነ ማብሪያው ላይ ማግኔት ወይም መለዋወጫ ቁልፍ ይሰካና በሩ ተከፍቶ ማሽኑ ይሠራል። ፊልሙን የሚቆርጠውና የሚያጣብቀው መበየጃ ቢላና መግፊያው ሰው አይለዩም።

ሦስት ነገር ያድርጉ። ኮድ ያለው ማብሪያ ያስገጥሙ፤ በተራ ማግኔት አይታለልም። በየፈረቃው መጀመሪያ ሁሉም በሮችና የአደጋ ማቆሚያ ቁልፎች በፊርማ ይፈተሹ፤ አምስት ደቂቃ ነው። ለጽዳትና ለጥገና ደግሞ ዋና ማብሪያው ጠፍቶ በግል ቁልፍ ይቆለፍ፣ የአየር መስመሩም ተዘግቶ ግፊቱ ይለቀቅ። መብራት ስለጠፋ ብቻ ማሽኑ ሞቷል ብሎ እጅ ማስገባት አደጋ ነው፤ ሲሊንደሩ ውስጥ የቀረው 6 ባር አየር መግፊያውን ያንቀሳቅሰዋል።

ጠርሙስ በፈረቃ ሃያ ጊዜ የሚያዝ ከሆነም ኦፕሬተሯን አትቆጡ። የመስመር መሪ ሐዲዱ ስፋት ተሳስቷል ማለት ነው፤ ይስተካከል።

ፈረቃ_መሪ፦

ክፍያውን እንዲህ ያዋቅሩት። መነሻ ደመወዙ ሠራተኛዋ ባለፉት ስድስት ወራት በቁጥር ካገኘችው አማካይ አይነስ፤ ከዚያ ካነሰ ጎበዟ ቀድማ ትሄዳለች። በላዩ አራት የክህሎት ደረጃ፦ 1 በክትትል ትሠራለች፣ 2 ብቻዋን ትሠራለች፣ 3 ፎርማት ትቀይራለች፤ ከግማሽ ሊትር ወደ ሁለት ሊትር ማለት ነው። 4 ሌላ ታሰለጥናለች። እያንዳንዱ ደረጃ በተግባር ፈተና ይሰጥ፣ የተወሰነ አበልም ይኑረው።

ማበረታቻው የቡድን ይሁን፤ ሦስቱንም ፈረቃ በአንድነት፣ በወር፣ በጥሩ ጥቅል። በፈረቃ ለየብቻ ከተከፈለ ማታ የሚወጣው ፈረቃ ሳያጸዳ፣ ሊያልቅ ጥቂት የቀረው ፊልም ሳይቀይር ለሚገባው ይተውለታል።

በማቆሚያ ደቂቃ ግን አይክፈሉ። ማቆሚያ ገንዘብ የሚያስቀንስ ከሆነ አይመዘገብም። መለኪያው ኦኢኢ ይሁን፤ ማሽኑ በታቀደው ጊዜ ሊሰጥ ከሚችለው ጥሩ ምርት ስንት በመቶውን እንደሰጠ የሚያሳይ ቁጥር ነው። ምሳሌ፦ ፈረቃው 480 ደቂቃ፣ የታቀደ እረፍትና ጽዳት 30፣ የቀረ 450። ያልታቀደ ማቆሚያ 65፤ የተሠራው 385 ደቂቃ፣ 85.6 በመቶ። ማሽኑ በደቂቃ 40 ጥቅል ከሆነ በ385 ደቂቃ 15,400 መውጣት ነበረበት፤ የወጣው 13,100፣ 85.1 በመቶ። ጥሩው 12,900፣ 98.5 በመቶ። ሦስቱ ሲባዙ 71.7 በመቶ። ለኦፕሬተሮቹ ስሌቱን በሰሌዳ ላይ አሳዩአቸው፤ የፍጥነቱ ኪሳራ ከማቆሚያው ጋር ተቀራራቢ እንደሆነ ሲያዩ ትኩረታቸው ይቀየራል። የመጀመሪያውን ሦስት ወር ግን ኦኢኢን ከገንዘብ ጋር አታያይዙት፤ ቁጥሩ እውነተኛ የሚሆነው ያኔ ነው።

የአሠሪ_ሠራተኛ_ሕግ፦

ቦታ ስለማያገኙት። አዋጅ ቁጥር 1156/2011 አንቀጽ 28 ምርታማነትን ለማሳደግ አዲስ ቴክኖሎጂ ማስገባትን ውል ለማቋረጥ በቂ ምክንያት ከሚሆኑት ይቆጥረዋል። ሆኖም ቁጥሩ ሲበዛ የአንቀጽ 29 ሥርዓት ይመጣል። ከአሥር ቀን ላላነሰ ተከታታይ ጊዜ ከሠራተኛው 10 በመቶ የሚነካ ከሆነ «የሠራተኛ ቅነሳ» ነው፤ የእናንተ 210 ስለሆነ 21 ሰው ማለት ነው። አሥራ ሁለቱን ማሽኑ ላይ ብታስቀሩ 30 ይቀራሉ፤ በግልጽ ከገደቡ በላይ ነው። ከሠራተኛ ማኅበሩ ወይም ከሠራተኞች ተወካይ ጋር መመካከር ግዴታ ነው።

ወጪውን አስቀድመው ያስሉት። የቀን ደመወዟ 200 ብር የሆነ፣ አራት ዓመት የሠራች ሠራተኛ፦ ለመጀመሪያው ዓመት 30 ቀን፣ 6,000 ብር። ለቀሪዎቹ ሦስት ዓመታት በየዓመቱ የዚያ ሲሶ፣ 2,000 በ3፣ 6,000 ብር። ለቅነሳ ተጨማሪ 60 ቀን፣ 12,000 ብር። ጠቅላላ 24,000 ብር፤ የሁለት ወር ማስጠንቀቂያው ለብቻ ነው። በሠላሳ ሰው ሲባዛ 720,000 ብር ይደርሳል። ይህ ገንዘብ በማሽኑ የአዋጭነት ጥናት ውስጥ ካልነበረ ጥናቱ ጎዶሎ ነው።

አጥብቄ የማሳስበው አንድ ነገር አለ። አንቀጽ 29 በቅነሳ ጊዜ የተሻለ ክህሎትና ምርታማነት ላላቸው ቅድሚያ ይሰጣል። ስለዚህ ዛሬ የምታዘጋጁት የሰልጣኞች ዝርዝር ነገ ማን እንደሚቀር የሚወስን ዝርዝር ነው። «ማሽን የወንድ ነው» ተብሎ ስልጠናው ለወንዶች ብቻ ከተሰጠ ሴቶቹ በክህሎት ማነስ ስም ይወጣሉ። የሚያዛልቀው በር ለሁሉም ክፍት መሆን አለበት፤ ጥሪው በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ በጽሑፍ ይውጣ፣ የፈተናው ውጤትም ይለጠፍ። ነፍሰ ጡር ሠራተኛን ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት መመደብ ክልክል ስለሆነም 12ቱን ስትመርጡ የፈረቃ መተካኪያ አስቡ፤ «ትወልዳለች» ብሎ አለመምረጥ ግን አድልዎ ነው።

ፈረቃ_መሪ፦

በዚህ ላይ ልጨምር፤ ሠላሳውን ማሽኑ በተነሣበት ቀን አታሰናብቱ። አዲስ መስመር የመጀመሪያውን ሁለት ሦስት ወር በተነገረለት ፍጥነት አይሄድም። መሙያው ግን ማምረቱን አያቆምም፤ የእጅ ማሸጊያው ጎን ለጎን መኖር አለበት። ቴስላ ሞዴል 3ን ማምረት ሲጀምር አውቶሜሽኑን ከመጠን በላይ ገፍቶት ምርቱ ተጓተተ፤ በሚያዝያ 2018 እ.ኤ.አ. ኢለን መስክ ራሱ ከልክ ያለፈው አውቶሜሽን ስህተት እንደነበር በይፋ ጽፏል። ያን ያህል ገንዘብና መሐንዲስ ያለው ድርጅት እንዲህ ከሆነ እኛ መጠባበቂያ መያዛችን ግድ ነው።

በነዚያ ወራት ሌላ መደብ የሚፈልጉትን ወደ ጥራት ቁጥጥር፣ ወደ መጋዘን፣ ወደ ማከፋፈያ ያዛውሩ። በራሳቸው ፈቃድ የሚለቁትን ክፍት ቦታ በውጭ ሰው አትተኩ። ቅነሳው ከ21 በታች ሊወርድ ይችላል።

የሰው_ሀብት_ክፍል፦

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ ለማኅበሩ የሚቀርበውን ሰነድ በዚህ መልክ እጀምራለሁ። ሁለት ጥያቄ ብቻ ቀረኝ። ቴክኒሽያኖቹን አሰልጥነን ቢሄዱብንስ? አንዳንዱ ድርጅት ዋናውን የትምህርት ማስረጃ ይይዛል። እንዲሁም የስልጠናው ይዘት ምን ይሁን?

ማሽን_አሰልጣኝ፦

የሰውን ዋና ማስረጃ አትያዙ። ሰው በወረቀት ታስሮ የሚሠራው ሥራ ጥሩ አይሆንም፤ ድርጅቱም ስሙ ይጠፋል። ውጭ አገር ልካችሁ ካሰለጠናችሁ ወጪው በዝርዝር የተጻፈበት፣ ከጉዞው በፊት የተፈረመ፣ ዕዳው በየወሩ እየቀነሰ የሚሄድ ውል ያዙ። ከዚህ ሁሉ የሚሻለው ግን እያንዳንዱን ክህሎት ሁለት ሰው እንዲያውቀው ማድረግ ነው። የአቅራቢው ባለሙያ ሲተክል ሁለቱ አብረውት ይቁሙ፤ ያስተካከለው እያንዳንዱ ፓራሜትር ከነምክንያቱ ይጻፍ፣ በስልክም ይቀረጽ። ባክአፑ በሦስት ቦታ ይቀመጥ፤ አንዱ ከፋብሪካው ውጭ ይሁን።

ስልጠናው በመብራት መጥፋት ይጀምር። እዚህ አገር ማሽኑ የሚጎዳው በዚያ ነው። መብራት ሲሄድ የሽሪንክ ዋሻው (ጥቅሉ የሚያልፍበት ማሞቂያ) ሙቀት ከ150 ዲግሪ በላይ ነው፤ ኮንቬየሩም ማራገቢያውም ይቆማሉ። ውስጥ የቀረው ጥቅል ይቀልጣል፣ ፊልሙ የኮንቬየሩ መረብ ላይ ይጣበቃል። ኦፕሬተሯ በመጀመሪያዎቹ ሰከንዶች ምን እንደምታደርግ ሳታስብ ማወቅ አለባት፦ መግቢያውን ትዘጋለች፣ ጄኔሬተሩ እስኪነሣ በእጅ ማዞሪያው መረቡን አዙራ ጥቅሉን ታስወጣለች፣ መብራቱ ሲመለስ ማሞቂያውን ሳይሆን አስቀድማ ማራገቢያውንና ኮንቬየሩን ታስነሣለች፤ ከዚያ መግፊያውን ወደ መነሻ ቦታው ትመልሳለች። የእጅ ማዞሪያ ከሌለው አቅራቢው እንዲያስገጥም ወይም ለኮንቬየሩና ለማራገቢያው የተለየ መጠባበቂያ ኃይል እንዲኖር ከአሁኑ ይጠይቁ።

ቀጥሎ ፊልም መቀየርና የመበየጃ ቢላውን ማጽዳት፤ የቴፍሎን ልባሱ ሲቃጠል ፊልሙ ይለጠፍና ስፌቱ ይበጠሳል። ቀጥሎ የሴንሰር ዓይን በደረቅ ለስላሳ ጨርቅ ማጽዳት፣ የአየር ግፊት ማንበብ፣ የአየር ማጣሪያውን ውኃ ማፍሰስ። ፎርማት መቀየር የመጨረሻው ነው።

መለማመጃ ዕቃ ከሌለ ቴክኒሽያኑ አይማርም። ከማሽኑ ጋር ቢያንስ ሁለት ቴርሞካፕል (የሙቀት መለኪያ)፣ ሦስት የማሞቂያ ዘንግ፣ ሦስት ሶሊድ ስቴት ሪሌይ (የማሞቂያ ኤሌክትሮኒክ ማብሪያ)፣ ሁለት ፎቶሴል (የብርሃን ሴንሰር)፣ አንድ የመበየጃ ቢላ፣ ሁለት ጥቅል ቴፍሎን ይምጣ። በሐምሌ 2016 የውጭ ምንዛሪው ሥርዓት ከተቀየረ ወዲህ በኋላ ለየብቻ ማስመጣት ብዙ ብር ነው የሚጠይቀው።

መቆጣጠሪያ_ክፍል፦

የማስጠንቀቂያዎቹን ብዛትም አስቀንሱ። እንደ ነዳጅ ማጣሪያ ባሉ ፕሮሰስ ፋብሪካዎች መመሪያ ለአንድ ኦፕሬተር በአማካይ በ10 ደቂቃ አንድ ማስጠንቀቂያ ይፈቀዳል፤ በፈረቃ 48 ማለት ነው። አዲስ ማሽን አንዳንዴ ይህን በአንድ ሰዓት ያወጣዋል፤ ኦፕሬተሯም ሳታነብ «እሺ» መጫን ትለምዳለች። በሁለተኛው ሳምንት ዝርዝሩን አውጥታችሁ፣ አብዝተው የሚደጋገሙትን አሥር ለይታችሁ አቅራቢው ሳይሄድ ምንጫቸውን አስወግዱ።

የይለፍ ቃሉም በሦስት ደረጃ ይሁን፤ ኦፕሬተር፣ ጥገና፣ መሐንዲስ። ለእያንዳንዱ ሰው የራሱ ቁጥር ይሰጠው። አንድ ቁጥር ሁሉም ከተጋራው ማን ምን እንደቀየረ አይታወቅም፣ ነገሩም ወደ ጥርጣሬና ክርክር ይሄዳል።

የርክክብ ፊርማውን በተመለከተ፦ የመጨረሻውን ክፍያ የምትለቁት የራሳችሁ ኦፕሬተሮች ሦስቱን ፈረቃ ያለ አቅራቢው ሰው ከሠሩ በኋላ ይሁን። በዚያ ጊዜ ውስጥ አንድ የፎርማት ለውጥ ይካተት፤ ዋናው ማብሪያም ሳይነገራቸው አንድ ጊዜ በቀን፣ አንድ ጊዜ በሌሊት ይጥፋ። መረቡን አጽድተው በ20 ደቂቃ ውስጥ ወደ ምርት ካልተመለሱ የአቅራቢው አሰልጣኝ አንድ ሳምንት ይጨምር። ይህንን አንቀጽ ከአሁኑ አስጽፉት፤ ማሽኑ ወደብ ከደረሰ በኋላ ማንም አይፈርምላችሁም።